ከወረዳ በጀት ሠንጠረዥ እስከ ገንዘብ ሚኒስትር ወንበር

ጅማ ውስጥ ከኢኮኖሚክስ የሚመረቁ ልጆች ደጋግመው የሚያነሡት ጥያቄ አለ፦ በዚህ ትምህርት ሚኒስትር የሚኮነው እንዴት ነው? የዞኑን ወረዳዎች በጀት በማዘጋጀትና በመፈተሽ ዓመታት ያሳለፍን ሰዎች የምናውቀውን እዚህ አስቀምጠናል። ስለ ራሳችን የምናወራው የለም። ስለ ሥራው ግን ብዙ የሚባል አለ።

መጀመሪያ ሕጉን እንጨርስ፣ አጭር ነው። በሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 74 መሠረት ሚኒስትሮችን ለሕዝብ ተወካዮች ምክር ቤት በዕጩነት የሚያቀርበው ጠቅላይ ሚኒስትሩ ነው፤ ሹመቱን የሚያጸድቀው ምክር ቤቱ ነው። ዕጩው ከሁለቱ ምክር ቤቶች አባላት ሊመረጥ ይችላል፤ አባል ያልሆነ ግን ብቃት ያለው ሰውም ሊሆን ይችላል። ፈተና የለውም፣ ማስታወቂያ አይወጣለትም፣ በዕድገት አይደረስበትም። ስለዚህ ለወንበሩ መዘጋጀት አይቻልም። ለሥራው መዘጋጀት ግን ይቻላል፣ ያውም ከጅማ ሳይወጡ።

መንገዱ አንድ አይደለም። ዶክተር ፍጹም አሰፋ ከዩኒቨርሲቲ መምህርነት ተነሥተው በ2011 የፕላን ኮሚሽን ኮሚሽነር፣ በ2014 የፕላንና ልማት ሚኒስትር ሆኑ። አቶ አህመድ ሽዴ ገንዘብ ሚኒስቴርን በ2011 ከመረከባቸው በፊት የትራንስፖርትና የመንግሥት ኮሙኒኬሽን ኃላፊነት ይዘው ነበር። አቶ ሱፊያን አህመድ ደግሞ ያንን መሥሪያ ቤት ለሃያ ዓመት ገደማ፣ እስከ 2008 መጀመሪያ ድረስ መርተዋል። የሁሉንም ሹመት ስታዩ የምትማሩት ትንሽ ነው። የያዙትን ሥራ ስታዩ ግን ትምህርቱ ሰፊ ነው፤ ለዚህም ከቀደሙት የሚጠቅመን አንድ ሰው አለ።

አቶ ይልማ ዴሬሳ በ1900 ገደማ ወለጋ ተወለዱ። አባታቸው ብላታ ዴሬሳ አመንቴ ናቸው። እስክንድርያ በቪክቶሪያ ኮሌጅ፣ ከዚያም በለንደን የኢኮኖሚክስ ትምህርት ቤት ተማሩ፤ ተመርቀው ብዙም ሳይቆዩ የጣልያን ወረራ መጣ። ከጥቁር አንበሳ ማኅበር ጋር ተሰለፉ። ማኅበሩ የተቀላቀለው የምዕራቡ ጦር በራስ እምሩ እየተመራ ወደ ደቡብ አፈግፍጎ፣ ታኅሣሥ 1929 ላይ ጎጀብ ወንዝ አጠገብ እጁን ሰጠ። ጎጀብ ለጅማ ሰው ሩቅ አገር አይደለም፤ ወደ ቦንጋ የሚሄድ ሁሉ የሚሻገረው ወንዝ ነው። ከነፃነት በኋላ ይልማ በገንዘብ ሚኒስቴር ምክትል ሚኒስትር ሆኑ፤ ቀጥሎ በንግድ ሚኒስትርነት፣ በዋሽንግተን አምባሳደርነት፣ በውጭ ጉዳይ ሚኒስትርነት አገልግለው በ1950ዎቹ ገንዘብ ሚኒስቴርን ያዙ።

ከእሳቸው ዘመን ሁለት ጉዳዮችን በደንብ ማጥናት ይገባል። አንዱ የሠመረ ነው፣ አንዱ የተሰናከለ።

የሠመረው የገንዘብ ለውጡ ነው። በ1930ዎቹ አጋማሽ አገሪቱ ውስጥ የምሥራቅ አፍሪካ ሽልንግ፣ የጣልያን ሊሬና ጠገራ ብር አብረው ይዞሩ ነበር። ቡናና ሰም የሚሸጥ የጅማው ሒርማታ ገበያተኛ የሚያምነው ጠገራውን ነው፤ በእጁ መዝኖ፣ አንኳኩቶ ሰምቶ ይቀበላል። ወረቀት ቢሰጡት አይወስድም። ይልማ በ1935 አሜሪካ በሄደው ልዑክ መሪነት ካነሧቸው ጉዳዮች አንዱ የብር ማዕድን ነበር። አሜሪካ በጦርነት ጊዜ የእርዳታ ሕጓ መሠረት 5.4 ሚሊዮን አውንስ ያህል ሰጠች። ሐምሌ 16 ቀን 1937 አዲሱ የኢትዮጵያ ብር ሲወጣ ኖቶቹ ወረቀት ነበሩ፣ ሃምሳ ሳንቲሙ ግን እውነተኛ ብር ያለበት ነበር።

ቁጥሩን ራሳችሁ ሥሩት። አንድ አውንስ ብር 31.1 ግራም ነው፤ 5.4 ሚሊዮኑ 168 ሚሊዮን ግራም ይሆናል። ሃምሳ ሳንቲሙ 7 ግራም ይመዝናል፣ ከዚያ ውስጥ 80 በመቶው ብር ነው፣ ማለትም 5.6 ግራም። ስታካፍሉት 30 ሚሊዮን ባለ ሃምሳ ሳንቲም ይወጣል። የተቀረጸውም ያን ያህል ነው። አገሪቱን በሙሉ በብር ማጥለቅለቅ አላስፈለገም። ገበያተኛው በእጁ መዝኖ የሚያምነው አንድ ሳንቲም ካገኘ፣ ወረቀቱን ወደ ሳንቲሙ እንደሚመነዘር ነገር አድርጎ ይቀበለዋል። መማሪያ መጽሐፍ «የገንዘብ ተአማኒነት» የሚለው ነገር ሥራ ላይ ሲውል ይህን ይመስላል፤ የሚመዘን፣ የሚቆጠር፣ መርከብ ላይ የሚጫን።

የተሰናከለው የ1960ው የእርሻ ገቢ ግብር ነው። ሐሳቡ በወረቀት ላይ ጥሩ ነበር። አሥራትን አስቀርቶ፣ ገበሬውም ባለመሬቱም ባገኘው ገቢ ልክ እየጨመረ የሚሄድ ግብር እንዲከፍል ያደርጋል። የትኛውም የኢኮኖሚክስ መምህር ይህን ከአሥራት የተሻለ ይለዋል። ነገር ግን ሦስት ቦታ ላይ ተበላሸ። አንደኛ፣ ሕጉ ያለፈው የመሬት ባለቤቶች በተቀመጡበት ፓርላማ ነው፤ ብዙ የሚከፍሉት እነሱ ስለነበሩ ሲጎትቱት ቆዩ። ሁለተኛ፣ ገቢን ለመገመት ገማች ማሳ ድረስ መሄድ አለበት። መዝገብ በሌለበት አገር ግምቱ በገማቹ እጅ ይወድቃል፣ ገማቹ ደግሞ ጉቦ ይበላል ተብሎ ይጠረጠራል። ሦስተኛውና ከባዱ፣ ጎጃም ውስጥ መሬት በዘር የሚወረስ ርስት ነበር። ገመድ ይዞ የመጣ ሰው ለግብር ሲል ለካ ቢባልም፣ ገበሬው የሚሰማው «ርስትህን ሊወስዱ ነው» የሚል ነው። ከዚያ በፊትም ልኬት አመጽ አስነሥቶ ስለነበር ፍርሃቱ ከሜዳ የመጣ አልነበረም። በዚያው ዓመት ጎጃም አመጸ። መጨረሻ ላይ መንግሥት ወደኋላ ተመለሰ፤ ጠቅላይ ገዥው ተነሡ፣ ውዝፍ ግብርም ተሰረዘ።

ይህን ታሪክ ለቃለ መጠይቅ ማሳመሪያ አትያዙት። ከእሱ የሚወጣው አሠራር ነው፤ ግብር ስታስቡ መጣኔውን ከመጻፋችሁ በፊት ማን እንደሚገምት፣ በምን መዝገብ እንደሚገምት፣ ገማቹ ደጅ ሲደርስ ባለቤቱ ምን ብሎ እንደሚያስብ ጻፉ። የእኛ ገበሬ ዘንድ ለቡና መሬት መለኪያ ይዞ መሄድም ቢሆን ተመሳሳይ ጥያቄ ያስነሣል።

አሁን ወደ ዋናው እንምጣ። የገንዘብ ሚኒስትር ሥራ ከሌላው ሁሉ በላይ በጀት ነው፣ በጀት ደግሞ ከወረዳ ቢጀምሩት ይገባል። የመንግሥት ዓመት ሐምሌ 1 ይገባል፣ ሠኔ 30 ይወጣል። ቀድሞ የማክሮ ኢኮኖሚና የፊስካል ማዕቀፍ ይሠራል፤ ምን ያህል ግብር ይሰበሰባል፣ ምን ያህል እርዳታና ብድር ይመጣል፣ የሚል የጥቂት ዓመታት ግምት ነው። ከእሱ የበጀት ጣሪያ ይወጣል፣ ጣሪያው በየካቲት አካባቢ ከበጀት ጥሪ ጋር ለመሥሪያ ቤቶች ይላካል። መሥሪያ ቤቶች ጥያቄ ያቀርባሉ፣ ይሟገታሉ፣ ይቆረጥባቸዋል። ረቂቁ በሚኒስትሮች ምክር ቤት አልፎ ግንቦት መጨረሻ ወይም ሠኔ መጀመሪያ ላይ ለተወካዮች ምክር ቤት ይቀርባል፣ ሚኒስትሩ የበጀት ንግግራቸውን ያደርጋሉ፣ ከሠኔ 30 በፊት ይጸድቃል።

የ2017 የፌዴራል በጀት መጀመሪያ ሲጸድቅ 971.2 ቢሊዮን ብር ነበር። መደበኛ (እንደ ደመወዝና ሥራ ማስኬጃ ያለው) 451.3፣ ካፒታል (እንደ ግንባታ ያለው) 283.2፣ ለክልሎች ድጎማ 222.7፣ ለዘላቂ ልማት ግቦች ማስፈጸሚያ 14 ቢሊዮን። የ2018ቱ ወደ 1.93 ትሪሊዮን ከፍ አለ። እዚህ ላይ ተማሪ ሁሉ የሚሳሳተው ቁጥሩ ሲያድግ መንግሥት በዚያው ልክ ሥራ ጨመረ ብሎ ማሰብ ነው። በመሃል የውጭ ምንዛሪ አሠራሩ ተለውጧል፣ ደመወዝ ተስተካክሏል፣ ዋጋ ንሯል። ሁለት ዓመት ስታወዳድሩ መጀመሪያ የዋጋ ንረቱን ቀንሱ፣ ከዚያ የዕዳ ክፍያን ለብቻ አውጡ፣ የቀረውን ብቻ አወዳድሩ።

ከድጎማው የኦሮሚያ ድርሻ ወደ ክልል ይመጣል፣ ከክልሉ በቀመር ወደ ወረዳ ይወርዳል። ማናም ሆነ ጎማ፣ ሰቃ ጨቆርሳም ሆነ ዴዶ የራሱን ጣሪያ የሚያውቀው ክልሉ የራሱን ካወቀ በኋላ ነው። ስለዚህ የወረዳ ባለሙያ የሚሠራበት ጊዜ ሁልጊዜ ጠባብ ነው። ሌሊት ተቀምጦ መሥራት የሚመጣውም በዚህ ነው። (የጅማው ንጉሥ አባ ጅፋር ዳግማዊ በጅሬን ተቀምጠው ወደ ምኒልክ ግብር ይልኩ ነበር፤ ዛሬ ገንዘቡ የሚፈሰው በተቃራኒው ነው። በማዕከልና በአካባቢ መካከል ያለው የገንዘብ ድርድር ግን በዚህ አገር አዲስ ነገር አይደለም።)

ወረዳ ላይ በመጀመሪያው ሳምንት የሒሳብ መደቦችን፣ ማለትም የወጪ ዓይነት መለያ ቁጥሮችን፣ ልመዱ። 6111 የቋሚ ሠራተኛ ደመወዝ ነው። 6131 የመንግሥት የጡረታ መዋጮ ነው። 6212 የቢሮ ዕቃ፣ 6217 ነዳጅና ቅባት፣ 6231 ውሎ አበል። ቅጾቹንም እንዲሁ፦ ዕቃ ሲገባ ሞዴል 19፣ ሲወጣ ሞዴል 22፣ ገንዘብ ሲገባ ሞዴል 64። እነዚህን በቃሉ የማያውቅ ባለሙያ ስብሰባ ላይ ስለ ፊስካል ፖሊሲ ቢያወራ ገንዘብ ያዡ አይሰማውም፣ ባይሰማውም ትክክል ነው።

አንድ ልምምድ እንሥራ፣ ቁጥሮቹ ለማስተማሪያ የተወሰዱ ናቸው። አንድ ወረዳ 500 መምህራን አሉት፣ አማካይ ደመወዛቸው በወር 7,000 ብር ነው እንበል። በ6111 የሚያዘው 500 በ7,000 በ12፣ 42 ሚሊዮን ብር ነው። ጀማሪ እዚህ ያቆማል። መንግሥት ለጡረታ 11 በመቶ ስለሚያዋጣ በ6131 ሌላ 4.62 ሚሊዮን ያስፈልጋል። ይህ ከተረሳ መጋቢት ላይ የነዳጁ መደብ ይራቆታል፣ የጤና ኤክስቴንሽን ሠራተኛዋን የሚያደርስ ሞተር ሳይክል ይቆማል። የጡረታ ስሕተት እናቶች ክትባት ላይ ይወጣል፤ ማንም ግን ሁለቱን አያገናኛቸውም።

ቀጥሎ ከጥቅምት ጀምሮ 30 አዲስ መምህራን ቢቀጠሩስ? ከጥቅምት እስከ ሠኔ ዘጠኝ ወር ነው፤ 30 በ7,000 በ9፣ 1.89 ሚሊዮን። በሚቀጥለው ዓመት ግን 12 ወር ስለሆነ 2.52 ሚሊዮን ይሆናል፣ ጡረታው ሳይቆጠር። ምክር ቤቱ ያጸደቀው 1.89ን ነው፤ ቀሪው 630 ሺህ ብር ማንም ሳይወያይበት ወደ ሚቀጥለው ዓመት ይገባል። ሚኒስትሮች የሚወድቁበትም ወጥመድ ይኸው ነው፣ ዜሮዎቹ ብቻ ይበዛሉ።

ካፒታል በጀት ላይም እንደዚሁ ነው። ጤና ኬላ ይሠራል፣ ሪባን ይቆረጣል፣ በዓመቱ ነርስ የለም፣ መድኃኒት የለም፣ በሩ ተቆልፎ ሣር ይበቅልበታል። ለእያንዳንዱ ግንባታ ከሠንጠረዡ ጎን አንድ ዓምድ ጨምሩና ሲያልቅ በዓመት ስንት መደበኛ ወጪ እንደሚጠይቅ ሙሉ። ከካፒታል ወደ መደበኛ ማዛወር በሕጉ አይፈቀድም፤ ስለዚህ ቀድሞ ያልታሰበ ደመወዝ በኋላ ከግንባታ ገንዘብ አይሸፈንም። ሠኔ ሲደርስ ያልተሠራበት ገንዘብ ተመላሽ ስለሚሆን ደግሞ ሁሉም በአንድ ወር ወንበርና ወረቀት ለመግዛት ይሻማል። መድኃኒቱ የግዥ ዕቅድን መስከረም ላይ ማውጣት ነው፤ ጨረታ ብቻውን ወራት ይበላል።

ቋንቋ ሳንጠቅስ አናልፍም። እዚህ ዞን የቢሮ ሥራ በአፋን ኦሮሞ ነው፣ ቃለ ጉባኤውም፣ ደብዳቤውም። ፌዴራል ሲሄድ አማርኛ ነው፣ ከአበዳሪዎች ጋር ሲሆን እንግሊዝኛ። «ጉድለት»፣ «ድጎማ»፣ «ውዝፍ» የሚሉትን በሦስቱም ሳይምታታ መጻፍ የሚችል ሰው ጥቂት ነው፣ ተፈላጊነቱም የታወቀ ነው።

ከበጀት ቀጥሎ ለጅማ ልጅ የቀረበው ትምህርት ምንዛሪ ነው፣ ምክንያቱም ቡናው ደጁ ላይ ነው። ሐምሌ 22 ቀን 2016 ብሔራዊ ባንክ ምንዛሪው በገበያ እንዲወሰን ለቀቀው፤ ከዚያ ቀን በፊት ዶላር 57 ብር ገደማ ነበር። ውጤቱን በፈረሱላ አስሉት። ፈረሱላ 17 ኪሎ ነው፣ ማለትም 37.5 ፓውንድ ያህል። የዓለም ዋጋ በፓውንድ 3 ዶላር ነው ብለን ብንይዝ፣ ፈረሱላው 112 ዶላር ተኩል ገደማ ያወጣል። በ57 ብር 6,400 ብር፣ ከለውጡ በኋላ ባሉት ወራት በደረሰበት በ120 ብር ደግሞ 13,500 ብር አካባቢ። አንድ ኪሎ የታጠበ ቡና ለማግኘት ስድስት ኪሎ ያህል ቀይ እሸት ያስፈልጋል፤ ስለዚህ አንድ ኪሎ እሸት 1.10 ዶላር ግድም ይሸከማል፣ በአሮጌው 63 ብር፣ በአዲሱ 132 ብር። ማጠቢያው፣ ጆንያው፣ መኪናው፣ ግብሩ ከዚህ ላይ ይቀነሳል።

ታዲያ የሊሙ ገበሬ ገቢ በአንድ ሌሊት እጥፍ ሆነ? እዚህ ላይ ነው የመማሪያ መጽሐፉ የማይበቃው። ምንዛሪው በተያዘበት ዘመን ብዙ ላኪ ቡናን ከውጭው ዋጋ በላይ ከፍሎ ይገዛ ነበር፣ በኪሳራ ይልክ ነበር። የሚፈልገው ዶላሩን ነው፤ በዶላሩ ዕቃ አስገብቶ ኪሳራውን እዚያ ይመልሳል። ስለዚህ ገበሬው ከይፋዊው ምንዛሪ የተሻለ ዋጋ ቀድሞም ያገኝ ነበር፣ ጭማሪውም እጥፍ አይሆንም። ይህን ለማወቅ ሞዴል አያስፈልግም። አጋሮ ሄዶ ሁለት ሰብሳቢና አንድ ላኪ መጠየቅ፣ ያንንም ለሦስት ዓመት በየሳምንቱ ከተመዘገበ ዋጋ ጋር ማስተያየት ይበቃል። የጀንፈልን (ከነገለባው የደረቀ ቡና) እና የታጠበን ዋጋ በአንድ ዓምድ አትቀላቅሉ፤ የብዙ የመመረቂያ ጽሑፍ ውጤት የሚበላሸው በዚህ ነው።

የመጨረሻው ዕዳ ነው። ኢትዮጵያ ታኅሣሥ 2007 ላይ የ1 ቢሊዮን ዶላር ቦንድ በዓለም ገበያ ሸጠች፤ ወለዱ 6.625 በመቶ፣ ዕድሜው አሥር ዓመት። በየስድስት ወሩ 33 ሚሊዮን ዶላር ግድም ወለድ ይከፈላል ማለት ነው። ሲፈረም ዶላር 20 ብር አካባቢ ነበር፤ አንዱ ክፍያ 660 ሚሊዮን ብር ነው። ታኅሣሥ 2016 ላይ ክፍያው ሲደርስ ምንዛሪው 56 ገደማ ነበር፣ ያው 33 ሚሊዮን 1.85 ቢሊዮን ብር ሆኗል። መንግሥት አበዳሪዎችን ሁሉ በእኩል ዓይን ለማየት በሚል ያንን ክፍያ አልፈጸመም፣ ጉዳዩም ወደ ዕዳ ሽግሽግ ድርድር ገባ። ቦንዱ ሲሸጥ በወንበሩ ላይ የነበሩት ሱፊያን ነበሩ። በመካከል አብዱላዚዝ መሐመድና ዶክተር አብርሃም ተከስተ ተፈራርቀው፣ ክፍያው የደረሰው በአህመድ ሽዴ ዘመን ነው። በፈራሚውና በከፋዩ መካከል ሁለት ሚኒስትር አለፈ። ገንዘቡ በዶላር ተበድሮ በብር ገቢ በሚያስገባ ሥራ ላይ ከዋለ፣ ምንዛሪው በተንሸራተተ ቁጥር ዕዳው ሳይነካ ያብጣል። ማንኛውንም የብድር ውል ስትመለከቱ ሦስት ቁጥር በአንድ መስመር ጻፉ፦ ወለዱን፣ ዋናው የሚመለስበትን ዓመት፣ ሥራው የሚያስገባውን ገንዘብ ዓይነት።

ለኃላፊ ስትጽፉ ሁለት ገጽ ይበቃል። የመጀመሪያው ዓረፍተ ነገር የሚጠየቀውን ውሳኔ ይናገር። ቀጥሎ የዘንድሮና የሚቀጥሉት ሁለት ዓመታት ወጪ በብር፣ ማን እንደሚጎዳ፣ እስከ መቼ መወሰን እንዳለበት። አንድ ሠንጠረዥ ብቻ። የስታቲስቲክስ ውጤታችሁን በአባሪ አድርጉት፣ ገጹ ላይ ወደ ብር ቀይራችሁ አምጡት፤ «ጉልህ ተጽዕኖ አለው» የሚል ሐረግ ማንንም ውሳኔ ላይ አያደርስም።

ዛሬ መጀመር የሚፈልግ ሰው በቅርቡ ካለ ወረዳ ይጀምር። ወረዳዎች የጸደቀ በጀታቸውን ለሕዝብ በሰሌዳ ላይ መለጠፍ አለባቸው። አራት ነገር ቅዱ፦ ጠቅላላ መደበኛውን፣ ከእሱ ውስጥ ደመወዙን፣ ካፒታሉን፣ ወረዳው ራሱ ሊሰበስብ ያቀደውን ገቢ። በጥር ተመልሳችሁ የግማሽ ዓመቱን አፈጻጸም ጠይቁ፣ ሠኔ ላይም እንዲሁ፤ ልዩነቱን መደብ በመደብ አስሉና ለምን እንደመጣ የበጀት ባለሙያውን በትሕትና ጠይቁ። ሠንጠረዡ የሚለጠፈው ሐምሌ አካባቢ ነው። የጅማን የሐምሌ ዝናብ ስለምታውቁት ቀለሙ ሳይታጠብ ቶሎ ሂዱና በስልካችሁ ፎቶ አንሡት።